የመጨረሻዎቹ ብረት አብሳዮች

አባቴ ሂዌልና አጎቴ ሼንኪን ባንድ እቶን ፊት ለዓመታት አብረው ሲሠሩ አንዲት ቃል ተለዋውጠው አያውቁም። "እንደምን አደርክ" እንኳ አይባባሉም። አንዱ ሲደክመው ረጅሙን የብረት ዘንግ ለሌላው ያቀብላል፤ ሌላው ተቀብሎ ያማስላል፤ በቃ። የመንደራችን የናንት ኮኽ ሰው ይህን ለምዶታል። ከሌላ ሸለቆ የመጣ እንግዳ ሲገረም፣ "ተዋቸው፤ ሁለቱም የተጋቡት ከእቶኑ ጋር ነው" ብለው ያልፉት ነበር።

ሼንኪን የእናቴ የማርጌድ ታናሽ ወንድም ነው። ጸቡ የመጣው በትልቁ አድማ ጊዜ ነው። ኩባንያው ደሞዝ ልቀንስ አለ፤ ሠራተኛው አሻፈረኝ አለ፤ ኩባንያውም በሩን ዘጋ። የበረዶውን ወራት በሙሉ ጭስ የማይወጣውን ጭስ ማውጫ እያየን ከረምን። አባቴ ከአድማው መሪዎች አንዱ ነበር። ሼንኪን ደግሞ ሚስቱ ኔስት ሳንባዋን ታማ አልጋ ላይ ወድቃበት ነበር። አንድ ቀን ጠዋት፣ ሌላው ሰው ገና በአቋሙ ጸንቶ ሳለ፣ አንገቱን ደፍቶ ወደ ሥራ ገባ። ኔስትም አልዳነችለትም። አባቴ ቀብሯ ላይ ተገኝቶ አፈር አለበሰ፤ ሼንኪንን ግን ቀና ብሎ አላየውም። ብዙም ሳይቆይ የቀረነውም ተሸንፈን፣ ደሞዙም ተቀንሶ፣ ሁሉም ሰው ተመለሰ። ያ ሁሉ ረሃብ ለዚህ ነበር። ካቦው ሁለቱን ባንድ እቶን መደባቸው። ለተንኮል ይሁን ሳያውቅ፣ እስከ ዛሬ አልገባኝም።

እኔ ሌይኪ እባላለሁ፤ ለአባቴ አንድ ልጁ ነኝ። ከሴቶቹ ጋር ግቢው ውስጥ ድንጋይ እሰብርና ብረት እደረድር ነበር። ምሳ ሰዓት ላይ ለሁለቱም ዳቦና አይብ የምወስደው ባንድ ቅርጫት ነው፤ እናቴ ወንድሟን ማብላት አንድም ቀን አላቋረጠችምና። በዚያውም መልእክተኛቸው እኔ ሆንኩ።

"ለአጎትሽ ንገሪው፤ የእቶኑ በር ላልቷል" ይላል አባቴ።

"ለአባትሽ ንገሪው፤ ያላላው እሱ ነው" ይላል ሼንኪን። በመካከላቸው ያለው እንግዲህ አንድ ክንድ ቢሆን ነው።

"ሰምቷል እኮ አባዬ! እኔን ለምን ታደክሙኛላችሁ?"

"አንቺ ወጣት ነሽ፤ ጉልበት አለሽ" ይለኛል አባቴ። ሼንኪንም ፊቱን ያዞራል። ሳቁን ሊደብቅ ይመስለኛል።

እሁድ እሁድ ግን በጸሎት ቤታችን መዘምራን መካከል ጎን ለጎን ይቆማሉ። የአባቴ ድምፅ ወፍራም ነው፤ የሼንኪን ቀጭን። ሁለቱ ካልተገናኙ መዝሙሩ አይሞላም፤ ስለዚህ ሰባኪው ማለያየት አልደፈረም። ይዘምራሉ፤ መጽሐፋቸውን ያጥፋሉ፤ አንዱ በግራ አንዱ በቀኝ በር ይወጣሉ።

ሥራቸው ብረት ማብሰል ነው። ከትልቁ እቶን የሚወጣው ጥሬ ብረት ተሰባሪ ነው፤ ለሐዲድም ለምንም አይሆንም። እሱን በትንሹ እቶን መልሶ ማቅለጥ፣ በበሩ ቀዳዳ ዘንግ አስገብቶ ማማሰል፣ ማማሰል፣ አሁንም ማማሰል ነው። መጀመሪያ እንደ ውሃ ይቀጥናል፤ ከዚያ ይፈላል፤ ቀስ እያለ እንደ ገንፎ ይወፍራል። የሰው ትከሻ የሚፈተነው ያኔ ነው። የወፈረውን እያድቦለቦሉ፣ በመቆንጠጫ ጎትተው ወደ መዶሻው ያደርሱታል። ይህ ሁሉ ሲሆን ዓይን ከነበልባሉ አይነቀልም፤ ብረቱ መብሰሉን የሚናገረው መልኩ ነው። ብረት አብሳይ አርባ ከሞላው ሽማግሌ ነው። ሃምሳ የሞላው ወይ ሞቷል፣ ወይ ደጁ ላይ ተቀምጦ ያስላል። አባቴ ሃምሳን አልፎ ነበር።

ኩባንያውን ያቋቋሙት የፔልሃም ቤተሰቦች ናቸው። የመጀመሪያው ፔልሃም ከእንግሊዝ ሲመጣ ይህ ሸለቆ ከበግና ከጭጋግ በቀር ምንም አልነበረውም ይላሉ። ተራራው ብረት እንዳለው ያወቀው ከጅረቱ ቅላት ነው፤ ናንት ኮኽ በእኛ ቋንቋ ቀይ ጅረት ማለት ነው። ተራራው ድንጋዩን ሰጠ፤ ከሥሩ ያለው መሬት ከሰሉን ሰጠ፤ ሰዉም ልጆቹን ሰጠ። የአባቴ አያት የመጀመሪያው እቶን ሲገነባ ድንጋይ ተሸክሟል። በእናቴ የልጅነት ዘመን ከዚህ የወጣ ሐዲድ ሩሲያም አሜሪካም ተነጥፏል እየተባለ ይወራ ነበር። ሐዲዱ ዓለምን ሲዞር እኛ እዚሁ ነን።

ከዚያ አረብ ብረት መጣ። የባቡር ኩባንያዎች "የእናንተ ሐዲድ ቶሎ ይበላል፣ አረብ ብረት ስጡን" አሉ። ሥራ አስኪያጁ ሚስተር ክሮስፊልድ ከጅረቱ ማዶ አዲስ የብረት ማቅለጫ ቤት አሠራ። እዚያ ውስጥ ቤት የሚያህል የብረት ጋን ተሰቅሏል። የቀለጠ ብረት ይሞሉትና ከሥሩ ነፋስ ይለቁበታል። ያገሳል። ከአፉ ነበልባል እየተፋ ሸለቆውን በሙሉ ያበራዋል፤ አንድ ሲኒ ሻይ ጠጥተህ ሳትጨርስ ብረቱ በስሎ ይወጣል። ሁለት ሰው ወገቡ እስኪቆረጥ ቀኑን ሙሉ የሚያበስለው ለዚያ ጋን አንድ ጉርሻ አይሆነውም።

የሚገርመው ደግሞ የእኛ ተራራ ድንጋይ ለዚህ አይሆንም ተባለ። ብረቱን ተሰባሪ የሚያደርግ ነገር አለበት አሉ። ድንጋዩ ከስፔን በመርከብ፣ ከወደብ በባቡር መምጣት ጀመረ።

"ተራራውንም አባረሩት!" አለች ጎረቤታችን ግዋላዲስ፣ ደጇ ላይ ቆማ የስፔኑን ድንጋይ የጫነ ባቡር ስታይ። "እንግዲህ እኛማ ምን እንጠብቃለን?"

በዚያው ዓመት ነው የአባቴን ነገር ያወቅሁት። አንድ ጠዋት ሻይ ሲቀዳ ከኩባያው ውጪ ጠረጴዛው ላይ አፈሰሰው። እናቴ በጨርቅ ጠረገችና እጁን ይዛ ወደ ኩባያው አመጣችለት። ሲወጣ ጠብቄ ጠየቅኋት።

"እማዬ፣ አባዬ አያይም እንዴ?"

"ጥላ ጥላውን ያያል። እሳቱ ነው ዓይኑን የበላው።"

"ከመቼ ጀምሮ?"

"ከአምና።"

"አጎቴስ ያውቃል?"

"እሱ ባያውቅ ኖሮ አባትሽ ይሄኔ ተቃጥሎ ነበር" አለችኝ።

ምሳ ሳደርስ ቆሜ ተመለከትኩ። አባቴ እያማሰለ ነው፤ ፊቱ ወደ ነበልባሉ ነው፤ ዓይኑ ግን የትም አያርፍም። ሼንኪን ከኋላው ቆሟል። ብረቱ መልኩን ሲቀይር በአካፋው የእቶኑን በር ኳ አደረገው። አባቴ ወዲያው ዘንጉን አዞረ። በእርግጥ እጁና ትከሻው የብረቱን ክብደት ያውቁታል፤ የቀረውን የሚነግረው ሼንኪን ነው። እንደዚያም ሆኖ አይነጋገሩም።

ጸደይ ላይ ክሮስፊልድ ትንንሾቹን እቶኖች አንድ በአንድ ሊያጠፋ መሆኑን አስታወቀ። ከጥቂት ቀን በኋላም አባቴን ቢሮው አስጠራው። እናቴና እኔ ድንች እየላጥን ጠበቅነው። ሲመለስ ኮፍያውን ሳያወልቅ ወንበር ፈልጎ ተቀመጠ።

"ምን አለህ?" አለችው እናቴ።

"አዲሱ ቤት ውስጥ ሥራ ሰጠኝ። ነበልባል ጠባቂ።"

"ምንድን ነው ደግሞ እሱ?"

"ከጋኑ ፊት መድረክ ላይ ቆሞ ነበልባሉን ማየት ነው። ብረቱ ሲበስል ነበልባሉ ይለወጣል። ያኔ 'በቃ!' ማለት ነው።"

እናቴ ቢላዋውን አስቀመጠች። "ሂዌል፣ ምን አልካቸው?"

"እሺ አልኩ።"

"በምን ዓይንህ?"

"እና ምን ልበል? አላይም ልበል? እንዲያ ካልኩ ነገ ከዚህ ቤት ውጡ እንባላለን። ቤቱ የኩባንያው ነው። ደክሞኛል ማርጌድ። ከሼፊልድ የመጣ ዶብሰን የሚባል ሰው አብሮኝ ይቆማል፤ እስክለምደው ያሳየኛል። መቆም ነው የተባልኩት። መቆም አያቅተኝም።"

እናቴ ቢላዋውን አነሳች። ድንቹን ቀጠለች።

በሚቀጥለው እሁድ ከጸሎት በኋላ ሰዎቹ አባቴን ከበቡት። ካቦዎቹ አንድ ወሬ አሰራጭተው ነበር፤ ብረት አብሳዮቹ ሁሉ በተራ ወደ አዲሱ ቤት ይዛወራሉ፣ ጸጥ ብላችሁ ጠብቁ የሚል። ኢየስቲን የሚባል ጎልማሳ፣ አባቴ ሥራ ያስተማረው፣ ወደ ፔንሲልቬንያ ሊሄድ ዕቃውን ሸክፎ ነበር።

"ጋሼ ሂዌል፣ እውነት ነው? ተራው ይደርሰናል?" አለው።

"እኔን ከወሰዱኝ እናንተንማ እንዴት ይተዋሉ" አለ አባቴ።

"እንግዲያው ሣጥኔን እፈታለሁ" አለ ኢየስቲን፤ ሚስቱም በደስታ አለቀሰች። እናቷን ጥላ መሄድ አልፈለገችም ነበር።

አባቴ ሥራውን ጀመረ። ምሳ ሳመጣለት ከታች ሆኜ አየው ነበር። ሰማያዊ መነጽር አድርጎ፣ በነበልባሉ ፊት ቀጥ ብሎ ቆሞ፣ ከጩኸቱ የተነሳ መድረኩ ሲንቀጠቀጥ። ከዚያ "በቃ!" ይላል፤ ጋኑ ይጋደማል፤ ከሥር ያሉት ሰዎች የቀለጠውን ይቀበላሉ። ሼንኪንም እዚያ ሥር ተመድቦ ነበር። በትንሹ እቶን የቀሩት ብረት አብሳዮች በጅረቱ ድልድይ ሲያልፉ ቀና ብለው አባቴን ያዩታል፤ ባርኔጣቸውን ያነሱለታል። እሱ አያያቸውም።

"ዶብሰን ደግ ሰው ነው" ይለን ነበር ማታ ማታ። "ሰዓቱ ሲደርስ ክርኔን ነካ ያደርገኛል።"

እኛም ደግነት መሰለን። እግዜር ይስጠው አልን።

እየዋለ እያደረ ግን አባቴ አነሰብን። እቶኑ ፊት ሲሠራ በነበረ ጊዜ ላቡ ተንጠፍጥፎ፣ እጁ ተልጦ ይመጣና ሾርባውን ጠጥቶ፣ ቀልድ ጣል አድርጎ ይተኛ ነበር። አሁን ልብሱ ሳይቆሽሽ ይመለሳል፤ ግን ማንኪያውን ማንሳት ያቅተዋል። "መቆም እንዲህ ያደክማል ወይ?" ስትለው እናቴ፣ "እሱ ነው የሚያደክመው" ይላታል።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በሩ ተንኳኳ። ከፈትኩ። ሼንኪን ነው። ከኔስት ቀብር ወዲህ ይህን ደጃፍ ረግጦ አያውቅም። ባርኔጣውን በሁለት እጁ ይዞ ያጣምመዋል። እናቴ ከማድቤቱ ብቅ ስትል እጇን አፏ ላይ ጫነች።

"ማን ነው?" አለ አባቴ ከምድጃው ጥግ። ሼንኪን ሲያስል አወቀው። "ሌይኪ፣ ለአጎትሽ ንገሪው፤ ቤቱ ተሳስቶበታል።"

"ሌይኪ፣ ለአባትሽ ምንም አትንገሪው" አለ ሼንኪን። "ዛሬ ራሴ ነው የምነግረው።" ገብቶ ከፊት ለፊቱ ተቀመጠ። "ሂዌል፣ አንተ አታይም።"

አባቴ ፊቱን ወደ ምድጃው አዞረ።

"እኔ ከዚያ ጋን ሥር ነው የምቆመው። አብረውኝ የሚቆሙት ሚስትና ልጅ ያላቸው ናቸው። 'በቃ' የሚለን ሰው የማያይ ነው እያልኩ ስንት ቀን ወደ መድረኩ ሳንጋጥጥ ዋልኩ። ስለዚህ ትናንት ክሮስፊልድ ዘንድ ሄጄ ነገርኩት።"

አባቴ ሲነሳ ወንበሩ ወደ ኋላ ወደቀ። "አሁንም! አሁንም ያው ነህ! ያኔም በጓሮ ሾልከህ ገባህ፣ ዛሬም በጓሮ! ምነው፣ ቦታዬን ሰጠህ? ስንት ጊዜ ነው የምትሸጠኝ አንተ ከሃዲ?"

"ስደበኝ። ጨርሰህ ስደበኝ" አለ ሼንኪን፤ ድምፁ ግን አልጠነከረም። "ስትጨርስ የመለሰልኝን እነግርሃለሁ።"

እናቴ ወንበሩን አንስታ አባቴን በትከሻው ይዛ አስቀመጠችው። "ስማው" አለችው። "አንድ ጊዜ ስማው። እኔ በእናንተ መሃል አረጀሁ።"

"ሳቀ" አለ ሼንኪን። "ክሮስፊልድ ሳቀብኝ። 'እንደማያይ መች ጠፋኝ? ነበልባሉን የሚጠብቀው ዶብሰን ነው፤ ሂዌል የሚጮኸው እሱ ሲነካው ነው' አለኝ። 'ታዲያ ለምን አቆማችሁት?' ስለው፣ 'ለሰዎቹ ነዋ' አለኝ። 'ሰዎቹ በድልድዩ ሲያልፉ እሱን ያያሉ። እሱ እዚያ እስከቆመ ድረስ ማንም ድንጋይ አይወረውርም' አለ።"

ምድጃው ውስጥ ከሰሉ ተንኮታኮተ። አባቴ እጆቹን ወደ ሙቀቱ ዘረጋ።

"ተራውስ?" አለ ቀስ ብሎ። ከአድማው ወዲህ ለሼንኪን በቀጥታ የተናገረው የመጀመሪያው ነገር ይህ ሳይሆን አይቀርም፤ ስድቡን ካልቆጠርነው። "ሰዎቹ በተራ ይገባሉ የተባለውስ?"

"ተራ የሚባል ነገር የለም። ጋኑ ከዚህ በላይ ሰው አይፈልግም። ከመከር በፊት እቶኖቹ ሁሉ ጠፍተው ሰዉ ይበተናል።"

"ይህን ሁሉ ለአንተ ለምን ነገረህ? እሱ ሞኝ ሰው አይደለም።"

ሼንኪን ባርኔጣውን መሬት ላይ አስቀመጠው። መልሶ አነሳው። "ጠየቅሁት እኮ" አለ። "'አንተማ ድሮም የእኛ ሰው ነህ፤ ለአንተ ብነግር ምን አለበት' አለኝ።" ከዚያ ወደ መስኮቱ ዞረ። ኔስትን ስንቀብራት እንኳ ሲያለቅስ ያላየሁት ሰው በእናቴ መጋረጃ ላይ ፊቱን ደፍቶ አለቀሰ።

እናቴ ፎጣ አቀበለችው። "ታዲያ ምን ሊደረግ ነው? ሂዌል ከተናገረ ውጡ እንባላለን።"

"የእናታችን ጎጆ አለ አይደል፣ እኔ ያለሁበት" አለ ሼንኪን። "ቤቱ ባዶ ነው። አንድ ሰው ለብቻው ምን ያደርግበታል።"

አባቴ ተነስቶ ግድግዳውን እየዳበሰ ወደ መኝታው ወጣ፤ ፀሐይዋ ገና ሳትጠልቅ ተኛ።

በማግስቱ በጸሎት ቤት የመጨረሻው መዝሙር አልቆ ሰዉ ሊነሳ ሲል፣ አባቴ ከመዘምራኑ መካከል እጁን አነሳ። ሰባኪው ምስክርነት ሊሰጥ መስሎት ራሱን ነቀነቀለት።

"ወንድሞቼ" አለ አባቴ፣ "እኔ ዓይኔ ጠፍቷል። ከጠፋ ዓመት አልፎታል። እዚያ መድረክ ላይ የቆምኩት ነበልባል ለመጠበቅ አይደለም፤ እናንተ እንድታዩኝ ነው ያቆሙኝ። ወፍ እንዲጠብቅ እርሻ ላይ እንደሚተከል ማስፈራሪያ። ተራ ብሎ ነገር የለም። ማንንም አይወስዱም። መሄድ የምትችሉ ጫማችሁ ሳያልቅ ሂዱ። ከዚህ በላይ የምለው የለኝም፤ ደክሞኛል።"

ከዚያ ኢየስቲን ከኋላ ተነሳ።

"እኔ እኮ ሣጥኔን የፈታሁት በአንተ ቃል ነው!" አለ። "ሚስቴ አሁን ነፍሰ ጡር ናት። በዚህ ሆዷ መርከብ ላይ ላወጣት ነው? ምን ላድርግ? ንገረኛ! ምን ላድርግ?"

"አላውቅም፣ ልጄ" አለ አባቴ።

"ልጄ አትበለኝ!" ብሎ በሩን በርግዶ ወጣ።

አንዳንዶች ሲወጡ የአባቴን እጅ ጨበጡ። አንዳንዶች ሳያዩት አለፉ። አንድ ሽማግሌ ደረጃው ላይ ተፋ፤ ለማን እንደተፋ አላወቅንም። ሼንኪን ግን በሌላኛው በር አልወጣም። አባቴን ክንዱን ይዞት በአንድ በር ወጡ።

ታሪኩን የሚሰማ ሰው ከዚያ በኋላ ትልቅ አድማ የተነሳ ይመስለዋል። አልተነሳም። ሰኞ ዕለት ጥቂት ሰዎች የኩባንያው በር ላይ ተሰባሰቡ፤ ዝናብ ነበር፤ አንዱ ሌላውን አየ፤ ጉልበቱ ከየት ይምጣ። አንድ በአንድ ገቡ። በዚያ ሳምንት ግን ቤተሰቦች መሄድ ጀመሩ፤ አንዱ ወደ አሜሪካ፣ አንዱ ወደ ሰሜን እንግሊዝ፣ አንዱ ወደ ጎረቤት ሸለቆ የከሰል ጉድጓድ። ኢየስቲን ከሰል ቆፋሪ ሆነ። ሚስቱ ሴት ልጅ ወለደች። መንገድ ላይ አባቴን ካየ ይሻገር ነበር፤ ከዓመታት በኋላ ግን አንድ ቀን ቆሞ "ጤና ይስጥልኝ ጋሼ" አለው፤ ሌላ ነገር ሳይጨምር አለፈ።

እኛ እንደጠበቅነው ከቤት ወጣን፤ እኔም ከግቢው ሥራ ተባረርኩ። ግዋላዲስ ፍራሹን ስትሸከምልን፣ "አይዞሽ ማርጌድ፤ ከላይ ሆነሽ ሁላችንንም ቁልቁል ታይናለሽ" እያለች እናቴን ልታስቅ ሞከረች። ጎጆው ኮረብታው ላይ ነው፤ መንገዱ ጭቃ ነው፤ አልጋውን ስናወጣ እግሩ ተሰበረ።

ሼንኪንን ክሮስፊልድ አላባረረውም። ያስፈልገዋል፤ ከጋኑ ሥር የሚቆም የለመደ ሰው በቀላሉ አይገኝም። ስለዚህ አጎቴ በየማለዳው እየወረደ፣ ያንን እሳት እየተቀበለ፣ አራታችንን አበላን። መጠጥ ቤት ውስጥ "የኩባንያው ሰው" ብሎ የሚጎሽመው አልጠፋም። አንድ ጊዜ ይህን አባቴ ባለበት አሉት። አባቴ ብርጭቆውን አስቀመጠና፣ "ይህን ያለው ማነው? ቅረብና ልዳብስህ፤ ፊትህን አላየሁትም" አለ። ሰዉ ሁሉ ሳቀ። የተናገረው ሰው አልቀረበም።

አባቴ መጀመሪያ ላይ ተኛ። ቀልድ አይደለም፤ ቀን ከሌት ተኛ። እናቴ ታመመ ብላ ፈራች። ተነስቶ ጥቂት አጃ ይበላና መልሶ ይተኛል። ከልጅነቱ ጀምሮ ያልተኛውን እንቅልፍ የሚያሟላ ይመስል ነበር። ከዚያ አንድ ቀን ተነስቶ ግድግዳ ጥግ ተቀመጠና፣ "ጣራህ ያፈሳል" አለው ሼንኪንን።

"ድሮም ያፈሳል።"

"ታዲያ ለምን አትጠግነውም?"

"መሰላሉን ማን ይያዝልኝ?"

"እኔ እይዛለሁ። መሰላል ለመያዝ ዓይን አያስፈልግም።"

ጣራውን እንዲህ ጠገኑት። ከዚያም በኋላ ወሬያቸው ስለ ጣራ፣ ስለ ድንች፣ ስለ እግር ቁስል ነበር። ስለ አድማው አያነሱም። አንድ ምሽት ብቻ፣ እናቴ ሾርባ እያወጣች ሳለ፣ አባቴ ድንገት ጠየቀ።

"ሼንኪን፣ ያኔ ሥራ የገባህ ሳምንት፣ ኔስት ሥጋ ቀምሳ ነበር?"

ሼንኪን ማንኪያውን ይዞ ቀረ። "ሾርባውን ጠጣች" አለ። "የበግ አጥንት ገዝቼ ነበር። ትንሽ ፊቷ መለስ ብሎላት ነበር።"

"ጠጣች?"

"አዎ። ጨምርልኝ ብላለች።"

"ደግ አደረግህ" አለ አባቴ። እናቴ ወደ ምድጃው ዞረች፤ እኔም ወደ ሳህኔ አጎነበስኩ።

መከር ሳይገባ የመጨረሻው ትንሽ እቶን ጠፋ። ማንም ንግግር አላደረገም። ከሰል መጨመር ተዉ፤ በማግስቱ ቀዘቀዘ። ጋኑም ቢሆን ለናንት ኮኽ አልከረመላትም። ከዓመታት በኋላ የፔልሃም ልጆች የስፔኑን ድንጋይ ከወደብ እዚህ ድረስ ማመላለስ አያዋጣም ብለው አዲስ ፋብሪካ ባሕሩ ዳር አሠሩና ሥራውን ወደዚያ አዛወሩ። ሼንኪንን እንዲከተላቸው ጠየቁት።

"ባሕሩን አይቼዋለሁ፤ ይበቃኛል" አለ። የመንገድ ጠጋኝ ሆነ፤ ድንጋይ እየሰበረ ጉድጓድ መሙላት። ደመወዙ ትንሽ ነው፤ እሳት ግን የለበትም። አባቴ አንዳንዴ አብሮት ይሄድና መንገዱ ዳር ተቀምጦ፣ ድንጋዩን በእጁ እየመዘነ ለመዶሻው ያቀብለዋል። ክረምትና በጋ እንዲያ አደረጉ። አባቴ የሞተው በጸደይ ነው፤ በአልጋው ላይ፣ ያለ ብዙ ስቃይ። ሼንኪን በቀብሩ ላይ ሊዘምር ተነሳና ድምፁ እንቢ አለው፤ ሌሎቹ ጀመሩለት፣ እሱም ቀስ ብሎ ገባበት።